ጥጥ ተጎርሶ የተዘፈነ ዘፈን

በፈረንጆቹ ሁለት ሺዎቹ መጀመሪያ ላይ የገዛኋት አሮጌ መኪና፣ ሬዲዮዋ ከአንድ ጣቢያ ወዲያ ወዲህ አልልም ያለ ነበር። ቁልፉን ብጠመዝዘው፣ ብደበድበው፣ ብለማመጠው ወይ ፍንክች! ጣቢያው ደግሞ ከጠዋት እስከ ማታ የድሮ ሮክ ነው የሚያጫውተው። እዚህ ሚኒሶታ፣ ከምኖርበት ከኢገን ከተማ ተነስቼ ሮዝቪል ከተማ እስካለው መሥሪያ ቤቴ በየቀኑ ድራይቭ ስለማደርግ ሳልወድ በግዴ የሮክ ደቀ መዝሙር ሆንኩ።

ከዘፈኖቹ ሁሉ አንዱ አስደነገጠኝ። ጊታሩ እንደ መጋዝ ሲጮህ ይቆይና ድንገት ጸጥ ይላል፤ ከዚያ ዘፋኙ እያላዘነ፣ ጥርት ባለ አማርኛ፣ «ና ብላ! ወንድሜ፣ ና ብላ!» ይላል። መጀመሪያ የሰማሁት ቀን በድንጋጤ ከአውራ ጎዳናው የምወጣበትን መውጫ አልፌ ሄድኩ።

እሁድ ዕለት ባለቤቴን መኪናው ውስጥ አስቀምጬ ዘፈኑ እስኪመጣ አብረን ጠበቅን። ሲመጣ ድምፁን ከፍ አደረግሁት።

«ሰማሽ?» አልኳት።

«ሰማሁ። ግን ‹ና ብላ› አይደለም የሚለው፤ ‹ነገ ብላ› ነው።»

«ደሞ ነገ ብላ የሚል ዘፈን አለ እንዴ?»

«እያለቀሰ እኮ ነው፣ አትሰማውም? የራበው ሰው ‹ነገ ብላ› ሲባል ምን ያድርግ፣ ይሳቅ?»

በዚህ ጉዳይ ተኳረፍን ብል ማጋነን አይሆንም። ለብዙ ቀን ራት ባቀረበች ቁጥር «ዛሬ ነው ወይስ ነገ?» እያለች ታሾፍብኝ ነበር።

የምሠራው አረጋውያን የሚጦሩበት ነርሲንግ ሆም ውስጥ ነበር። ማጠብ፣ ማልበስ፣ መመገብ ነው ሥራዬ። ከምንከባከባቸው አንዱ እዚሁ ሴንት ፖል ከተማ ተወልደው ያደጉ፣ ረጅምና ቀጭን፣ ጨዋታ አዋቂ ሽማግሌ ናቸው። አንድ ጠዋት ፂማቸውን ስላጫቸው ሳይታወቀኝ ያንን ዘፈን አንጎራጎርኩ።

«ቆይ፣ ቆይ። ምንድን ነው ያልከው?» አሉኝ።

ምን እንዳልኩ፣ በእኛ ቋንቋ ትርጉሙ ምን እንደሆነ፣ ከሚስቴም ጋር በምን እንደተጣላሁ ነገርኳቸው። ሰውዬው በሳቅ ፈነዱ። የሳሙናው አረፋ እስከ መነጽሬ ተረጨ፤ እኔም አንገታቸውን እንዳልቆርጥ ምላጩን ወደ ላይ አንስቼ ቆምኩ።

«ያ ዘፈን ሲቀዳ እዚያው ነበርኩ። ባስ ጊታሩን የተጫወትኩት እኔ ነኝ» አሉ ዓይናቸውን እየጠረጉ።

ከዚያ አጫወቱኝ። የባንዱ ወጣቶች ዘፈኑን የቀዱት ዩኒቨርሲቲ አቬኑ ከሚባለው ጎዳና አጠገብ ባለ አንድ ቤት ምድር ቤት ውስጥ ነው። መቅጃ መሣሪያውን ያዋሳቸው ሰው ለዚያች ቀን ብቻ ነው የፈቀደላቸው። ዘፋኙ ግን በዚያው ጠዋት የመንጋጋ ጥርሱን ተነቅሎ፣ ጉንጩን በጥጥ ጠቅጥቆ፣ ግማሽ ፊቱ ደንዝዞ መጣ። ሌላ ቀን ስለሌላቸው ጥጡን እንደጎረሰ ዘፈነ።

«ታዲያ እውነተኛው ቃል ምንድን ነው?» አልኩ።

«‹ባትሪው ሞቷል› ነው። በጥር ብርድ መኪና አልነሳ ስላለ ሰው የተገጠመ ዘፈን ነው።»

የሚገርመው ዘፈኑ በሬዲዮ ከወጣ በኋላ የሆነው ነው። አንድ ፓስተር ሰይጣን ይጠራል ብሎ ሰበከበት። ተማሪዎች ጦርነት የሚቃወም ነው ብለው ሰልፍ ላይ ዘፈኑት። አንዲት ሴት ትዳሬን አተረፈልኝ ብላ ደብዳቤ ጻፈች። ቀብር ላይ ሳይቀር ተዘፈነ።

«እኛማ የመኪና ባትሪ ነው ብለን ለፍፈን ለፍፈን ሰለቸን። ማን ይመነን!» አሉ።

እኔም አላመንኩም። «‹ባትሪው ሞቷል› የሚለው እንዴት ብሎ ‹ና ብላ› ይሆናል?» አልኳቸው።

«ጥጥ አለህ?»

ጥጥ ሞልቷል፣ ነርሲንግ ሆም አይደለም እንዴ! እሳቸውም ጎረሱ፣ እኔም ጎረስኩ። እሳቸው የፊታቸው ግማሽ ተላጭቶ ግማሹ በአረፋ ተለብጧል። ጉንጫችንን ነፍተን፣ ዓይናችንን ጨፍነን፣ ባለን ኃይል በእንግሊዝኛ «ባትሪው ሞቷል!» እያልን ስንጮህ በሩ ተበርግዶ ተከፈተ። አለቃዬ ናት፣ ዋና ነርሷ። ፈገግታ ብዙም የማይጎበኛት ሴት ናት።

«ምን ሆናችሁ?»

ልመልስላት ብሞክርም ከአፌ የወጣው «ኧባባ ዉዉ» ነው። ሽማግሌው ከእኔ ባሱ። የነርሷ ፊት አመድ መሰለ። ነርሲንግ ሆም ውስጥ የሰው ምላስ ድንገት ከተሳሰረ ስትሮክ ነው የሚጠረጠረው፤ እሷ ደግሞ በአንድ ክፍል ሁለት ሰው አገኘች።

«ሁለታችሁም ፈገግ በሉ! እጃችሁን ወደ ላይ!» አለች፣ ስትሮክ መሆኑን ለመለየት።

እጃችንን አነሳን። እኔ ምላጭ እንደያዝኩ። ፈገግ ስንል የሁለታችንም ጥጥ ከአፋችን ወደቀ፣ አንዱ ጫማዋ ላይ።

በቃ፣ ከሥራ መባረሬ ነው አልኩ በልቤ።

«አስረዱኝ» አለች።

የዘፈን ጉዳይ እንደሆነ ነገርናት። የትኛው ዘፈን እንደሆነ ስትሰማ ግን ትከሻዋ ዝቅ አለ፣ ፊቷም ልስልስ አለ። «በሠርጌ ቀን የጨፈርንበት ዘፈን ነው» አለች ቀስ ብላ። «ባሌን አሁንም ቢሆን ‹እጅሽን ስጪኝ› የምትለዋ ቦታ ስትደርስ እንባ ይቀድመዋል።»

ሽማግሌው አዩኝ፣ እኔም አየኋቸው። ባትሪ የሚለው ነገር ምላሳቸው ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር።

«አዎ፣ ‹እጅሽን ስጪኝ› ነው የሚለው። ባስ ጊታሩን የተጫወትኩት እኔ ነኝ፣ አውቃለሁ» አሏት።

ማስጠንቀቂያ ሳትጽፍብኝ ወጣች። «ጥጡን አንሱ» ብቻ ነው ያለችው።

ቅዳሜ ዕለት የሽማግሌው ታናሽ እህት ልትጠይቃቸው መጣች። ሊፍት ስትጠብቅ ጨዋታ ላንሳ ብዬ፣ «ወንድምሽ ለካ ‹ባትሪው ሞቷል› የሚለው ዘፈን ላይ ባስ የተጫወቱት ናቸው» አልኳት።

«ማን? እሱ?» ብላ ግድግዳውን ተደገፈች። «እሱ እንኳን ጊታር፣ የበር ደወል በቅጡ መደወል አይችልም! ዘፋኙ ጓደኛው ነበር። ዘፈኑ ውስጥ ያለችው መኪና ግን የእሱ ናት። ባትሪዋ ሞቶ አልነሳም ያለችውም እሱን ነው።»

ሰኞ ጠዋት ቁርሳቸውን ይዤ ገባሁና የሰማሁትን ሳልደብቅ ነገርኳቸው። ያፍራሉ ብዬ ነበር፤ እሳቸው ግን እንቁላላቸው ላይ ተረጋግተው ጨው ነሰነሱ።

«እስቲ አንድ ነገር ልጠይቅህ» አሉኝ። «ባስ የሚጫወት ሰው ከተማው ውስጥ ሞልቷል። በዚያ ብርድ ባትሪው የሞተበት ግን ስንት ሰው ነው?»

ሚኒሶታ ውስጥ፣ በጥር ወር፣ ሁሉም ሰው ነው ልላቸው አስቤ ነበር። ግን ለነርሷ ዋሽተው እንጀራዬን ያተረፉልኝ ሰው ናቸውና፣ «እርስዎ ብቻ» አልኳቸው። በጣም ደስ አላቸው፤ የተጠበሰ ዳቧቸውን ቆርሰው ግማሹን ሰጡኝ።