ቲቸር በበርበሬ ተራ ያለፈችበት ቀን

ሰው በርበሬ ሲሸተው ያስነጥሰዋል፤ እኔን ግን ጉልበቴ ይከዳኛል። ትናንትም ቡታጅራ ገበያ መሐል እንደዚያው ሆንኩና አንዲት ሻጭ ደግፋ ጆንያ ላይ አስቀመጠችኝ። ምን ልበልህ፣ ስድስተኛ ክፍል ሆኜ የፈራሁት ፍርሃት እስከዛሬ አልወጣልኝም።

ግቢያችን ውስጥ አንዲት አስተማሪ ተከራይታ ትኖር ነበር። ቲቸር ነበር የምንላት። ፌስቡክ ላይ ትጽፋለች። ሴት ልጅ ሳትፈቅድ አትዳር፣ መስጊዱም ቤተ ክርስቲያኑም ከሕጉ ላይ እጁን ያንሳ ብላ ጻፈች። ወይ ጉድ! በሌላ ነገር ተስማምተው የማያውቁ ሰዎች እሷን በመጥላት ተስማሙ። መጀመሪያ ስድቡ መጣ፣ ከዚያ ቆርቆሯችን ላይ ድንጋይ ይወርድ ጀመር። በመጨረሻ ጎረምሶች መናኸሪያው በር ላይ ቆመው ይጠብቋት ያዙ። ቢያገኟት ምን እንደሚያደርጓት ደግሞ ሳይደብቁ ያወሩ ነበር።

እናቴ በርበሬ ነጋዴ ነበረች፤ ሶላት የማታቋርጥ፣ ፊደል ያልቆጠረች ሴት። የቲቸርን ጽሑፍ ሳነብላት "አስተግፊሩላህ!" ትል ነበር። ጎረምሶቹ መናኸሪያውን የያዙ ዕለት ግን የሥራ ቀሚሷን ለቲቸር አለበሰቻት። በርበሬ የሚለቅሙ ሴቶች አቧራውን ፈርተው እንደሚያደርጉት አፍና አፍንጫዋን በነጠላ ጠቅልላ፣ በጠራራ ፀሐይ ገበያ ይዛት ወጣች። በርበሬ አራግፎ ወደ ቆሼ ከተማ የሚመለሰው አይሱዙ የጭነት መኪና እስኪነሳ ድረስ ከለቃሚዎቹ መሐል አስቀመጠቻት።

እኔ ከቲቸር ጎን ነበርኩ። ቀዩ አቧራ ፀሐዩ ላይ ይታያል፣ ሁሉም ይስላል። ከጎረምሶቹ አንዱ በየጆንያው መሐል እየዞረ መጣ። ቲቸር ይሄኔ ላቧን ልትጠርግ ብላ በርበሬ በምትለቅምበት እጇ ዓይኗን አሸችው! የበርበሬ ተራ ሰው ቢሞት አያደርገውም። ጮኸች። ጎረምሳው ወደ እኛ ዞር አለ።

እናቴ ብድግ ብላ ትከሻዋ ላይ አጮለቻት።

"አንቺ ደንቆሮ! በርበሬ በነካ እጅ ዓይን ይነካል? ይቺን ቅጠሪ ያላችሁኝ እናንተ ናችሁ!" ብላ ወደ ሴቶቹ ዞረች። ሴቶቹ ሳቁ። ማን እንደሆነች ሁሉም ያወቁ ይመስለኛል፤ አንዷም ግን ትንፍሽ አላለችም። ጎረምሳውም ሳቀና "ውሃ ይምጣላት እንጂ፣ እማማ" ብሎ አለፈ።

እናቴ ዓይኗን እያጠበችላት "ልጄ፣ በአላህ ቻይው" ስትላት ሰማሁ። አይሱዙው ቲቸርን ይዞ ሄደ። ከቆሼ አልፋ፣ ድንበርም ተሻግራ፣ ይኸው ሰው አገር ቀረች።

ባለፈው ወር እናቴ ሞተች። ቲቸር ደወለች።

"ለቅሶ ልድረስ፣ ልምጣ?" አለችኝ።

እንዴት እንደናፈቀችኝ! ግን ድንኳኑ ውስጥ፣ ከፊት ለፊቴ፣ ከእነዚያ ጎረምሶች ሁለቱ የልጆች አባት ሆነው ተቀምጠዋል።

"አትምጪ" አልኳት።

ከዚያ ጮክ ብላ፣ እንደ ልጇ ሆና ለእናቴ አለቀሰች። እኔም ማንም እንዳይሰማት የስልኩን ድምፅ ቀንሼ፣ ጆሮዬ ላይ ለጥፌ፣ እስክትጨርስ ጠበቅኳት።