ባሕሩ በሚዘጋበት ወር ወደ ፎርት ዎርዝ

ዳላስ ውስጥ ካለው ሰፈራችን ከቪከሪ ሜዶ እስከ ፎርት ዎርዝ ሠላሳ አምስት ማይል ቢሆን ነው። ለዚህች መንገድ የጉዞ ማስታወሻ ጻፍኩ ብል የሚያውቁኝ ይስቁብኛል፤ የኤርፖርት ሸትል ሾፌር ነኝና በቀን ከዚያ እጥፍ እነዳለሁ። ግን በዕድሜዬ ከሄድኩባቸው መንገዶች ሁሉ የረዘመብኝ ይህ ነው። ወሩ ኅዳር ነበር። የአሜሪካ ምርጫ አልቆ ሁለት ሳምንት አልፎታል፤ በሐምሌ ጋሎኑ አራት ዶላር ደርሶ ያስለቀሰን ቤንዚንም ከሁለት ዶላር በታች ወርዷል።

የጉዞውን ዓላማ ሳልደብቅ ልናገር፤ ጋሼ ደምሴን ከቤት ማራቅ ነበር። ጋሼ ደምሴ ደሴ ላይ ሠላሳ አንድ ዓመት ታሪክ ያስተማሩ፣ ጡረታ ሲወጡ ልጃቸው ምሕረት ወደ ዳላስ ያመጣቻቸው ጎረቤቴ ናቸው። ታናሽ ልጃቸው ሄኖክ በሱዳን አድርጎ ሊቢያ ገባ። ከዚያ ጥቅምት መጨረሻ ላይ ወደ ጣሊያን በምትሄድ ጀልባ ተሳፈረ፤ ጀልባዋ ሰጠመች። ከሞት የተረፈ አንድ ልጅ ለምሕረት ደውሎ ነገራት። አባቷ ግን አልሰሙም።

እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ ነገር በስልክ አይነገርም፤ ለብቻም አይነገርም። ሰው ይሰበሰባል፣ ሽማግሌ ይመረጣል፣ ሐዘንተኛው እህል መቅመሱ ይረጋገጣል፣ ከዚያ በኋላ ነው መርዶው የሚነገረው። አገር ቤት ቢሆን ሲነጋጋ ይደረግ ነበር። እዚህ ሁሉም ሥራ ስለሚውል ለቅዳሜ ከሰዓት ተቀጠረ። እስከዚያ እሳቸውን ይዞ የሚውል ሰው ተፈለገና፣ መኪናም ወሬም የማያጣው ያሬድ ነው ተባለ። ያሬድ እኔ ነኝ።

ጠዋት፣ ቪከሪ ሜዶ

ምሕረት የአፓርታማችን ፓርኪንግ ውስጥ ቆማ ጠበቀችኝ። ሦስት ቀን ሙሉ፣ አባቷ ፊቷን እንዳያዩባት ብላ፣ በምትሠራበት የአረጋውያን መጦሪያ ዳብል ሺፍት ስትሠራ ነው የሰነበተችው። ዓይኗ አብጧል።

«የአባዬን ፎን አንተ ጋ አድርገው፤ ማንም ኮል እንዳያደርግለት» አለችኝ። «የግፊት መድኃኒቱን ወስዷል። ሶ፣ ምሳ በደንብ አብላው፣ ፕሊስ።»

«እሺ፣ አታስቢ።»

«ከፎር ኦክሎክ በፊት እንዳትመጣ። ሰዉ ፓርክ ሲያደርግ ካየ ይገባዋል።»

ጋሼ ደምሴ ሙሉ ልብስ ለብሰው፣ ከረባት አስረው፣ ማስታወሻ ደብተር በብብታቸው ይዘው ወረዱ። ሰበቡን ያገኘችው ምሕረት ናት፦ ፎርት ዎርዝ ውስጥ አንድ ሙዚየም ስለ ጥንታዊ የግሪክና የሮማ ወደቦች ኤግዚቢሽን ከፍቷል። እኒህ ሰው ያን ሁሉ ዓመት የእነዚያን ወደቦች ካርታ በጠመኔ እየሣሉ ሲያስተምሩ፣ ባሕር ያዩት አንድ ቀን ብቻ ነው፤ ተማሪዎች ይዘው አሰብ ወርደው።

«ዕረፍትህን በላሁብህ አይደል?» አሉኝ።

«ኧረ ጋሼ፣ ምን ማለትዎ ነው! ይግቡ።»

ቀበቷቸውን አሰርኩላቸው። ስልካቸውንም «ሙዚየም ውስጥ ይከለክላሉ» ብዬ ተቀበልኳቸውና ኪሴ ከተትኩት። የመጀመሪያው ውሸቴ እሱ ነበር።

ሃይዌይ ሠላሳ

በዳውንታውን ሕንጻዎች ሥር አልፈን የትሪኒቲን ወንዝ ተሻገርን። ወንዝ ማለት ይከብዳል፤ ሰፊ የሣር ሜዳ ላይ የተረሳች ቡናማ ውኃ ናት።

«ይህ ከተማ ወደብ ሳይኖረው እንዴት ይህን ያህል ገነነ?» ሲሉ ጠየቁኝ።

አንድ የሥራ ባልደረባዬ ያወራኝን ነገርኳቸው። ድሮ መርከብ ከባሕሩ ተነሥቶ በዚህ ወንዝ ሽቅብ ዳላስ ይገባል ተብሎ ታስቦ፣ እንዲያሳልፉት ተብለው ከፍ ተደርገው የተሠሩ ድልድዮች አሉ።

«መርከቡስ?»

«አልመጣም፣ ጋሼ።»

ከት ብለው ሳቁ። እኔ አፌን በቆረጠው አልኩ።

ግራንድ ፕሬሪ አካባቢ ስንደርስ የሄኖክን ነገር ራሳቸው አነሡት። «ድምፁ ከጠፋ ሦስት ሳምንት ሊሆነው ነው። ምሕረት ሥራ የምታበዛው ጭንቀቷን ለመርሳት ይመስለኛል። እኔ ግን ብዙም አልሰጋሁ።»

«እንዴት?» አልኩ፣ ዓይኔን ከመንገዱ ሳላነሣ።

«ባሕሩ ተዘግቷላ!» አሉና ወደ እኔ ዞሩ። አሁን ክፍል ውስጥ ገብተዋል። «ሮማውያን ከኅዳር እስከ መጋቢት ባሕሩ ተዘጋ ይሉ ነበር። ነፋሱ ይከፋል፣ ደመናው ኮከቡን ይሸፍናል። ኮምፓስ የላቸው፣ በምን አቅጣጫ ይለያሉ? ስለዚህ መርከቡን ጎትተው የብስ ላይ ያወጡና ባሕረኛው ወደብ ላይ ቁጭ ብሎ ይከርማል። የሊቢያ ባሕር ያው ያ ባሕር ነው። ልጄም አንዱ ወደብ ላይ ቁጭ ብሎ መጋቢትን እየጠበቀ ነው። የስልክ ካርድ መግዣ አጥቶ ነው የጠፋው።»

ያን ያህል ዘመን ያስተማሩት ትምህርት በእርጅናቸው መጽናኛ ሆኗቸው፣ እኔ ደግሞ እሱን ወደሚቀሟቸው ሰዎች ላደርሳቸው ነው። አርሊንግተን ላይ ገና እየተሠራ ያለውን ትልቅ ስታዲየም አየሁና «ያውልዎ፣ ይህን የሚያህል ነገር ለኳስ!» ብዬ ጮህኩ። ለትሕትና ያህል ዞረው አዩት።

ሙዚየሙ

መግቢያው አሥር ዶላር ነው፤ ለአዛውንት ስምንት። ጋሼ ደምሴ አዛውንት መባላቸው ቅር አላቸው፣ ቅናሹን ግን ወሰዱ።

ከውስጥ ቀዝቃዛና ጸጥ ያለ ነው። ግርጌያቸው የሾለ፣ ወይንና ዘይት ይጫንባቸው የነበሩ የሸክላ እንስራዎች ተደርድረዋል፤ የባሕር ቀንድ አውጣ ተጣብቆባቸዋል። ሰው የማያነሣው የእርሳስ መልሕቅ አለ። መካከል ላይ የሮማ ወደብ በትንሹ ተሠርቶ በመስታወት ተሸፍኗል። ሁለት ረጃጅም ግንቦች እንደ ክንድ ባሕሩን አቅፈውታል፣ በመካከላቸው የመርከብ መሪ መብራት የሚነድበት ማማ ቆሟል፣ ከኋላ ስድስት ማዕዘን ያለው የተቆፈረ ኩሬ ይታያል።

«ማማው በምን ላይ እንደቆመ ታውቃለህ?» አሉኝ። «አንድ ግዙፍ መርከብ በኮንክሪት ሞልተው፣ ሆን ብለው አሰጠሙት። መሠረቱ እሱ ነው።»

መስጠም የሚለውን ቃል ደግሜ ላለመስማት ብዬ ጽሑፍ የማነብ መሰልኩ። ጥበቃው፣ ጢሙ የሸበተ የፎርት ዎርዝ ሰው፣ ቀስ ብሎ ጠጋ አለኝና «ፕሮፌሰር ናቸው?» አለኝ። አስተማሪ ናቸው አልኩት። «ያስታውቃል» ብሎ ወንበር አመጣላቸው፤ እሳቸው ግን አልተቀመጡም።

ቀጥሎ የአንድ ግሪካዊ ወጣት የመቃብር ድንጋይ አለ። ልጁ መርከብ ጫፍ ላይ ተቀምጦ፣ አገጩን በእጁ ደግፎ፣ ባዶውን ባሕር ያያል። ጋሼ ደምሴ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ባሕር የበላው ሰው ሬሳው ካልተገኘ ባዶ መቃብር ይሠሩለት ነበር። ከውስጡ ምንም የለም። ስሙን ብቻ ይጽፉበታል። ቤተሰቡ ሄዶ የሚያለቅስበት ይፈልጋላ።»

ሽንት ቤት ገብቼ ፊቴን ታጠብኩ። እዚያው ቆሜ አለቀስኩ ብል ይሻላል። ስመለስ ጋሼ ደምሴ አንድ ጽሑፍ ፊት ደርቀው ቆመዋል። መነጽራቸውን አውልቀው ይዘውታል። ስለ እህል መርከቦች ነው፦ ሮም ውስጥ እህል ሲያጥር ንጉሡ ክላውዴዎስ፣ በብርዱ ወራት ለሚጓዝ ነጋዴ ማዕበል የሚያደርስበትን ኪሳራ እሸፍናለሁ ብሎ ቃል ገብቶ ነበር ይላል።

«ይህን እኔ ራሴ አስተምሬዋለሁ» አሉ፣ እኔን ሳያዩ። «ባሕሩ ተዘግቶም ይወጡ ነበር። የቸገረው ይወጣ ነበር። ረስቼው አይደለም ያሬድ፤ ላስታውሰው ስላልፈለግሁ ነው።»

ምሳ እዚያው ካፌ በላን፤ የዶሮ ሾርባና ዳቦ፣ ለሁለታችን አሥራ አራት ዶላር። ማንኪያቸውን ሲያስቀምጡ «ይብሉ እንጂ ጋሼ» እላለሁ፤ ትንሽ ቆይቼ ደግሞ «ዳቦውንስ?» እላለሁ። ቀና ብለው ረጅም ጊዜ አዩኝ። ከዚያ ጎንበስ ብለው ቀስ እያሉ ጨርሰው በሉ።

መልስ

አርሊንግተን ሳንደርስ ጠየቁኝ።

«ጀልባዋ መቼ ወጣች?»

«የቷ ጀልባ?»

«ተው ያሬድ። ምሳ ስትጎተጉተኝ ገባኝ። እኔም ስንቱን እንዲህ አብልቼ መርዶ ነግሬዋለሁ።»

ከሃይዌዩ ወጥቼ አንድ ነዳጅ ማደያ ጎን ፓርክ አደረግሁ። ዝም ማለት ነበረብኝ፤ «ቤት እንሂድ ጋሼ» ማለት ነበረብኝ። አልቻልኩም። «ጥቅምት መጨረሻ» አልኳቸው።

«ባሕሩ ሊዘጋ ጥቂት ቀን ሲቀረው» አሉ። ወደ እኔ ዞረው፣ «ተገኘ?»

«አልተገኘም።»

አልጮኹም። ደረታቸው ላይ ያለፈውን ቀበቶ በሁለት እጃቸው ጨብጠው፣ እንባቸው ከረባታቸው ላይ ሲወርድ ተቀመጡ። ደግፎ የሚይዛቸው ሰው የለ፣ አብሮ የሚያለቅስ ዘመድ የለ፤ ከጎናችን አንድ ሰውዬ ጎማውን ነፋስ ይሞላል። ወግ ለምን እንደተሠራ ያን ጊዜ ነው የገባኝ። እኔ አፍርሼዋለሁ። ከእሳቸው ብሼ ተንሰቀሰቅሁ።

«ቤት ማን ማን አለ?» አሉ በመጨረሻ።

«አቶ ተሰማ አሉ፣ የእድሩ ሰዎች፣ ምሕረትም።»

«መንገድ ላይ ለብቻዬ እንደነገርከኝ ከሰሙ ይቀየሙሃል። ምሕረት ዕድሜ ልኳን ትይዝብሃለች።»

«ይቀየሙኝ፤ ጥፋቱ የኔ ነው።»

«አንተ ምንም አልነገርከኝም» አሉ። «ውረድና ፊትህን ታጠብ።»

ቤት

ስንደርስ ፓርኪንጉ ሞልቷል። አንዱንም ያላዩ መስለው አለፉ። ደረጃውን ክንዴን ይዘው ወጡ። በሩ ሲከፈት ሰዉ ሁሉ ብድግ አለ፤ ምሕረት ከኩሽናው በር ላይ አፏን በነጠላዋ ይዛ ቆማለች።

«ደኅና ዋላችሁ?» አሉ ጋሼ ደምሴ። «በደኅና ነው?»

የእድራችን ሰብሳቢ አቶ ተሰማ ወንበር ላይ አስቀመጧቸውና ንግግራቸውን ከሩቅ ጀመሩ። ጋሼ ደምሴ ምንም እንደማያውቅ ሰው አንገታቸውን አዘንብለው እስከ መጨረሻው አዳመጡ። የሄኖክ ስም ሲጠራ ግን ተነሥተው «ልጄን!» ብለው ጮኹ። ያ ጩኸት ማስመሰል አልነበረበትም። ከነዳጅ ማደያው ጀምሮ ደረታቸው ውስጥ ይዘውት የመጡት ነው። ምሕረት ሮጣ ተጠመጠመችባቸው፣ ሰዉም ከግራ ከቀኝ ያዛቸው፤ ቤቱ በልቅሶ ተናወጠ።

ሰው ማድረስ ሥራዬ ስለሆነ አዋቂ ነኝ እል ነበር። ከዚያ ጉዞ የተማርኩት ሐዘን የደረሰበት ሰው ሐዘኑ ሳያንሰው የሌላውን ስሕተት ሊሸከም እንደሚችል ነው። ከዚያ ወዲህ ሐዘንተኛ ይዘህ ዋል ስባል እንቢ እላለሁ፣ ምክንያቱን ግን ይህን እስክጽፍ ድረስ ለማንም አልተናገርኩም።

ለቅሶው ጋብ ሲል ፍራሽ ተነጠፈ። አቶ ተሰማ ትከሻዬን መታ መታ አድርገው፣ ሁሉም እየሰማ፣ «ያሬድ ጎበዝ ነህ፤ ምንም ሳታሳውቅ አዋልካቸው!» አሉ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ጋሼ ደምሴ ቀና አሉ። ፊታቸው አብጧል፣ ድምፃቸው ተዘግቷል። ፍራሹ ላይ ትንሽ ፈቀቅ ብለው አጠገባቸው ቦታ ለቀቁልኝ።

«ና ልጄ፣ እዚህ ተቀመጥ» አሉኝ። «አንተም ሩቅ መንገድ ነው የመጣኸው።»