የማይረጭ መድኃኒት ይዤ ወደ ቡልቡላ

ቅዳሜ ጠዋት ከአዳማ የተነሳሁት የእናቴ ወንድም አጎቴ ሁሴን ስለጠሩኝ ነው። ቡልቡላ ላይ የተከሉት ቲማቲም ቅጠሉ ቢጫ ሆኖ ተጠቅልሏል። የባዮቴክኖሎጂ አንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝና፣ ግማሹ ማሳ ገና ደህና ሳለ እንድደርስላቸው ፈለጉ። ሳምንቱን በፈተና ስላሳለፍኩ ዓይኔ በየመንገዱ ይከደን ነበር።

ሞጆንና መቂን አልፌ ባቱ ላይ ሚኒባስ ቀየርኩ። መንገድ ዳር ሽንኩርትና ሐብሐብ ተቆልሏል፤ ሙቀቱ ገና በረፋዱ ያደክማል።

ቡልቡላ፣ እኩለ ቀን

አጎቴ የመርጫ መሣሪያቸውን ውሃ ሞልተው፣ በጀርባቸው አዝለው ማሳው ዳር ጠበቁኝ።

«ዶክተሬ መጣ! በል ያን በስልክ የነገርከኝን ዘረ-መል የሚቆርጠውን አምጣና ልርጨው።»

ደነገጥኩ። እዚህ ለማሳ አዲስ ነገር ሁሉ የሚመጣው በሚረጭ መድኃኒት ጠርሙስ ነው።

«አጎቴ፣ የሚረጭ አይደለም።»

«ታዲያ ምንድን ነው?»

ጥላ ሥር ተቀመጥንና አስረዳኋቸው። ዘረ-መል ተክሉ ምን እንደሚሆን የሚናገር ጽሑፍ ነው። ዘረ-መል ማረሚያ የሚባሉት መሣሪያዎች ከጽሑፉ የተፈለገውን ቦታ ፈልገው ይቆርጣሉ፤ ሴሉ ቁርጡን ሲጠግን ጽሑፉ ይለወጣል። ዚንክ ፊንገርና ታሌን የሚባሉት ቀደምቶቹ እንደ ባቡር ናቸው፤ ለእያንዳንዱ መድረሻ አዲስ ሐዲድ፣ ማለትም አዲስ ፕሮቲን፣ ይሠራል። ክሪስፐር የሚባለው አዲሱ ግን እንደ ባጃጅ ነው፤ መቁረጫው ያው ሆኖ አድራሻ የሚነግረው አር ኤን ኤ የሚባል ሞለኪውል ብቻ ይቀየራል። ስለዚህ ይቀላል፣ ይረክሳልም።

«ባጃጅማ የማላውቀው ሰው በር ላይ ጥሎኝ ያውቃል» አሉ።

«ክሪስፐርም ተመሳሳይ አድራሻ ካገኘ ሌላ ቦታ ይቆርጣል። ሌሎቹም ይሳሳታሉ። አሁን ደግሞ የዘረ-መሉን ሁለቱንም ክር ሳይቆርጥ አንድ ፊደል ብቻ የሚቀይር መሣሪያ አለ።»

«እሱን አምጣልኛ!»

«የሚሠራው ላብራቶሪ ውስጥ፣ በሴል ላይ ነው። ከዚያ ሴል አዲስ ተክል ይበቅላል። ይሄ በቫይረስ የታመመው ግን አይድንም። ነጯ ዝንብ ቫይረሱን ወደ ደህናው ሳታደርስ ይንቀሉት።»

አጠገባችን የተቀመጡት ሚስታቸው ፋጡማ ሳቁ። «ይህን ሁሉ ተምሮ፣ ንቀሉ!»

«ገና አንደኛ ዓመት አይደል?» አሉ አጎቴ። «ትከሉ የሚለው አራተኛ ዓመት ላይ ይሆናል።»

መርጫውን አውርደው የመጀመሪያውን ግንድ ራሳቸው ነቀሉ። ከዚያ ሦስታችንም ጎንበስ ብለን ስንነቅል ዋልን።

አዳማ

ቤት ስደርስ ወገቤ አልቃና ብሎኛል። እናቴ በሩ ላይ፣ «ለወንድሜ መድኃኒት አገኘህለት?» አለችኝ።

«ንቀሉ አልኳቸው።»

እጄን አስታጠበችኝ። መሣሪያዎቹን ማወዳደር ለፈተና አጥንቼ ነበር፤ ለተጨነቀ ሰው ግን በቅድሚያ የሚነገረው ምን እንደማይችሉ መሆኑን የተማርኩት ማሳው ላይ ነው። ደህናው ግማሽ ይተርፍ እንደሆን ገና አላወቅንም።