መቀሱ ከቆረጠ ማን ይሰፋል?

ስለ ዘረ መል ማረሚያ መሣሪያዎች ላስተምር ሦስት ቀን ሲቀረኝ ግራ ገብቶኝ ነበር። ከጎጃም ነቀምቴ ተመድቤ የመጣሁ የባዮሎጂ መምህር ነኝ፤ ያልገባኝን ነገር ማስተማር ደግሞ ያበሳጨኛል። ሱሪ ላሳጥር በሚል ሰበብ ከተከራየሁበት ቤት ፊት ለፊት ልብስ ወደሚሰፋው የአርጆ ሰው ሄድኩ። እውነቱን ለመናገር የሚሰማኝ ሰው ፈልጌ ነው።

«አካም ቡልተ፣ ባርሲሳ? ምነው ፊትህ ጠቆረ?» አለኝ። በኦሮምኛ እንዴት አደርክ ማለቱ ነው፤ እዚህ መምህርን ባርሲሳ ይሉታል።

የማስተምረውን በእሱ ሙያ እየመሰልኩ ገለጽኩለት። ዚንክ ፊንገርና ታለን የሚባሉት የቆዩት መሣሪያዎች ለእያንዳንዱ ልብስ አዲስ መቀስ እንደማሠራት ናቸው። ክሪስፐር በሚባለው አዲሱ ግን መቀሱ ያው ሆኖ የሚቆረጠውን ቦታ የሚያሳየው ቁራጭ ብቻ ይቀየራል፤ ስለዚህ ይቀላል፣ ይረክሳልም። አንዳንዴ ግን የሚመሳሰል ቦታ ካገኘ ያልታዘዘውንም ይቆርጣል። ሳይቆርጥ ከዘረ መሉ አንድ ፊደል ብቻ የሚቀይርም አለ ብዬ ስጨምር እኔው ተምታታብኝ።

ማሽኑን አቆመ። «ከቆረጠ በኋላ ማነው የሚሰፋው?»

«ሴሉ ራሱ።»

«ቢያበላሸውስ?»

«ያበላሻል። በደንብ እንዲሰፋ ከተፈለገ ደህና ናሙና አብሮ ይሰጠዋል።»

 ታናሽ ልጁ አብሯት የተወለደ የደም በሽታ አለባት፤ በየጊዜው ሆስፒታል ደም ይሰጣታል። ይህን እያወቅኩ ውጭ አገር እንዲህ ዓይነት በሽታ በዚህ መሣሪያ መታከም እንደጀመረ ነገርኩት። ምላሴን ምን እንደነካው አላውቅም።

እሑድ ጠዋት ሁለቱን ሴት ልጆቹን ይዞ ቤቴ መጣ። እሱ ዘንድ መለካት የማይፈልግ ደንበኛ ልኩ የሆነ አሮጌ ልብስ ለናሙና ትቶ ይሄዳል።

«ናሙናውን አምጥቻለሁ» አለ፣ ትልቋን ቀስ ብሎ ወደ ፊት እየገፋ። «እሷ ደህና ናት። ከእሷ እያየ ይስፋላት።»

ተሳስተሃል ልለው አፌን ከፈትኩ፤ የቱ ጋ እንደተሳሳተ ግን ጠፋኝ። ሐሳቡ ከእውነቱ ብዙም አልራቀም። አፈርኩ።

«መቀሱ እዚህ የለም» አልኩት። «እኔ ያለኝ ሥዕሉ ብቻ ነው።»

መሬት መሬት አየ። «እንግዲያው ሥዕሉን አሳያት» አለና ጫማውን አወለቀ።

ላፕቶፔን ከፍቼ የዘረ መሉን ሥዕል አሳየኋት። ታናሿ ጠጋ ብላ የተቆረጠውን መስመር በጣቷ ነካችው።

«የእኔ የተበላሸው እዚህ ጋ ነው?»

«አላውቅም» አልኳት።