ጧ የሚለው ወለል

አዲስ የተነጠፈ ወለል ከእግሬ ሥር ጧ ሲል በሰማሁ ቁጥር፣ ሰሚት ኮንዶሚኒየም ያሳለፍኩት የልጅነቴ ምሽት ይመለስብኛል፤ አንገቴ ላይ የተንጠለጠለው ቁልፍ፣ የጠፋው መብራት፣ ገና ያልመጣችው እናቴ።

ከኦሎምፒያው የኪራይ ቤታችን ወጥተን እዚያ የገባነው በክረምት ነበር። አባቴ ቀደም ብሎ ስላረፈ እኔና እናቴ ብቻ ነበርን። ቤቱን ስንረከበው ወለሉ ባዶ ሲሚንቶ ስለነበር፣ እናቴ እንጨት የሚመስል ፕላስቲክ ወለል መርጣ ሙላቱ የሚባል አንጣፊ አመጣች። ሙላቱ ግድግዳው ጥግ ሲደርስ የጣት ስፋት ያህል ሊተው ፈልጎ፣ «እትዬ፣ ይቺ ክፍተት ታስፈልጋለች፤ ወለሉ ሙቀት ሲያገኘው ይለጠጣል። የግድግዳውን ሥር ዙሪያውን በዞኮሎ ጣውላ ስከድነው አትታይም» አላት።

«ባትታይስ፣ እኔ መኖሯን አላውቅም? ግድግዳው ድረስ አስጠጋልኝ። ኋላ ጎረቤት ‹አጠራት› ይበለኝ?»

የእናቴን ነገር ማን ይመልሰዋል! መጋረጃዋ መሬት ካልነካ ቤት ያላት አይመስላትም ነበር። ሙላቱም ራሱን ነቅንቆ እንዳለችው ጥብቅ አድርጎ አነጠፈው።

በጋው ገብቶ የከሰዓቷ ፀሐይ በመስኮት ወለሉን ስትመታው፣ ሳሎኑ መሀል እንደተነፋ ሆድ ብድግ አለ፤ ሲረግጡት ጧ ይል ጀመር። እናቴ አፈረችበት፣ እኔ ግን ወደድኩት። እሷ ኦሎምፒያ ኬክ ቤት ትሠራ ስለነበር፣ ጎህ ሳይቀድ ወጥታ፣ የታክሲ ሰልፍ ጠብቃ፣ ከመሸ ነበር የምትመጣው። እኔ ከትምህርት ቤት ተመልሼ፣ በሩን ቆልፌ፣ የጎረቤቶቻችንን ሳቅ በግድግዳ እየሰማሁ ስጠብቃት ሶፋው ላይ እንቅልፍ ይጥለኝ ነበር። እንዳልነቃ ብላ ጫማዋን በር ላይ አውልቃ በቀስታ ስትገባ፣ ወለሉ ጧ ብሎ ይቀሰቅሰኛል። ያኔ አብረን እራት እየበላን የተጠራቀመ ወሬዬን ሁሉ እነግራታለሁ።

ፋሲካ ሲቃረብ እንግዳ ይደናቀፍብኛል ብላ ሙላቱን መልሳ ጠራችው። «እማ፣ በናትሽ ተዪው» ብዬ ለመንኳት።

«አንቺ ልጅ፣ ጤነኛ ነሽ? ቤቴ ተበላሽቶ ይኑር?»

ሙላቱ ዞኮሎውን ነቅሎ ዳር ዳሩን ቆርጦ ክፍተቱን አወጣለት፤ ወለሉም ቀስ እያለ ተኛ። በማግስቱ እንደለመድኩት ሶፋው ላይ ሆኜ ስጠብቅ እንቅልፍ ወሰደኝ። ዓይኔን ስገልጥ ነግቷል፤ ብርድ ልብስ ደርባልኛለች፣ ጠረጴዛው ላይ ያመጣችልኝ የጾም ኬክ ተቀምጧል፣ ጫማዋ ግን ከበሩ ጥግ የለም። መጥታ፣ አድራ፣ ሄዳለች። ኬኩን ሳልነካ አለቀስኩ። ከዚያ ቀን የባሰ ብቸኝነት ተሰምቶኝ አያውቅም፤ ለምን እንዳለቀስኩም አልነገርኳትም።

ያ ወለል ዛሬም እንደተኛ ነው። እናቴ ጡረታ ወጥታ እዚያው ብቻዋን ትኖራለች፣ አሁን ከሥራ አምሽቼ ልጠይቃት የምመጣው እኔ ነኝ፤ ስደርስም ሶፋው ላይ እንቅልፍ ጥሏት አገኛታለሁ። ያኔ እሷ ጫማዋን አውልቃ ትገባ ነበር። እኔ ግን ከነጫማዬ ሳሎኑ መሀል ድረስ ገብቼ፣ «እማ፣ መጥቻለሁ!» እላታለሁ። ስለ ወለሏ ትቆጣኛለች፤ ግን ትነቃለች።