የዘጠኝ ወር ደመወዝና አንድ በግ

መምህር አካለ ወልድ ግትር ሰው ነበር። ደብረ ማርቆስ በመንግሥት ትምህርት ቤት አብረን ስናስተምር ደመወዝ በዘገየ ቁጥር እኛ እናጉረመርማለን፣ እሱ ጠመኔውን አንስቶ ክፍል ይገባል። ዘጠኝ ወር እንዲህ ሲል ልጆቹን የሚያበላው ቢያጣ፣ ይጁቤ ያለችውን የአባቱን መሬት ለአንድ ባለጸጋ መያዣ ሰጥቶ ገንዘብ ተበደረ። ደመወዙ ሲመጣ መሬቷን ሊያስለቅቅ ነው። በእጁ የነበረው ግን «የዘጠኝ ወር ይቀረዋል» የሚል፣ የገንዘብ ያዡ የአበረ ፊርማና የአንበሳ ማኅተም ያለበት ወረቀት ብቻ ነበር።

ከዚያ ጣልያን ገባ። ትምህርት ቤቱ የወታደር ማደሪያ ሆነ። አበረ ከሚሲዮን ቤት የለቃቀማት ቋንቋ ጠቀመችውና የጣልያን አስተርጓሚ ሆኖ ኮት ለበሰ።

«መንግሥት የለ፤ ማንን ትከሳለህ?» አልኩት አካለ ወልድን።

«አበረ አለ አይደል? ፊርማው የሱ ነው» አለኝ።

«ከአማኑኤል ሁለት ሰዎች ይህ የንጉሡ ማኅተም ያለበት ወረቀት ቤታቸው ስለተገኘ ተረሽነዋል።»

«ጣልያኑም ቢሆን ወንበር ላይ የተቀመጠ ዳኛ ነው፤ ይፈርዳል።»

ቅዳሜ ገበያ መሐል አበረን አገኘውና «በሕግ አምላክ» ብሎ የነጠላውን ጫፍ ከአበረ ቀበቶ ጋር ቋጠረ። እንዲህ የተቋጠረ ሰው ዳኛ ፊት ሳይደርስ አይፈታም። አበረ ቀበቶ እንጂ ነጠላ ባይኖረውም ያገሩን ወግ አልረሳምና እየተሳደበ ተጎተተ። እኔም ምስክር ሆኜ ተከተልኩ።

ጣልያኑ ሹም ተቋጥረው ሲገቡ አይቶ በሳቅ ፈነዳ። አካለ ወልድ ወረቀቱን ሊያወጣ እጁን ወደ ብብቱ ሰደደ።

አበረ ክንዱን ያዘው። «አታውጣው» አለው በአማርኛ፣ ፊቱን ሳያዞር። «ማኅተሙን ካየ ሦስታችንም አለቀልን። ‹በግ ወስዶብኛል ይላል› እለዋለሁ። አዎ በል።»

አካለ ወልድ ዞሮ እኔን አየኝ። «አዎ በል» አልኩት። ሹሙ ምስክሩን ሲጠይቅም «በግ ነው» አልኩ።

አበረ በግ እንዲመልስ ተፈረደለት። አካለ ወልድ በዚያ በሚያምር እጅ ጽሕፈቱ መቀበሉን ለአበረ ፈርሞ በጉን እየነዳ ቤቱ ገባ። ሚስቱ ማንጠግቦሽ «ደመወዙስ?» ብትለው «ይኸው» አላት።

በ1933 ጣልያን ወጣ፤ አበረም ተመልሶ የመንግሥት ገንዘብ ያዥ ሆነ። እንዴት እንደሆነ አትጠይቁኝ። አካለ ወልድ ሌማት ሥር የደበቀውን ወረቀት ይዞ ከሰሰ። አሁን የገዛ አገሩ ዳኛ ነው፤ መሬቷ የተመለሰች መስሎት ጢሙን ተላጭቶ መጣ።

አበረ ግን ቀልጠፍ ብሎ፣ «በዚህ ነገር ተከስሼ ከፍያለሁ» አለ። «በበግ ተስማምቶ ጨርሷል። ፊርማው ይኸውና። ምስክሩም መምህር ድረስ እዚያ ቆሟል» ብሎ ወደ እኔ ጠቆመ።

ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ። «በደመወዙ ፈንታ በጉን ተቀብሏል?»

እውነቱን ብናገር ጣልያን ፊት ዋሽቻለሁ ማለቴ ነው። በዚያ ሳምንት ደግሞ ወደ ማስተማሩ ሊመልሱኝ ስሜ ተጽፎ ነበር። ፈራሁ፤ ሌላ ምንም አይደለም።

«አዎ፣ ተቀብሏል» አልኩ።

አካለ ወልድ ወረቀቱን አጥፎ መልሶ ብብቱ ከተተው። ዛሬ ይጁቤ የአባቱን መሬት ለባለጸጋው በእኩል ያርሳል። እኔ አስተምራለሁ። ደመወዜ በየወሩ ይመጣል።