ይታይሽና የግሪሳው ደቦ

ይታይሽ ረታች አሉ። ወረታ ላይ ወሬ ከባጃጅ ይፈጥናል፤ ጉድጓድም አያቆመው። ጧት መናኸሪያው አጠገብ ሲነሣ «ፍርድ ቤት ቋሚ ሠራተኛ አደረጋት» ብቻ ነበር። ቁሐር ሚካኤል ሲደርስ ዳኛው ከወንበራቸው ተነሥተው እጅ ነሥተዋታል። ማታ ሻይ ቤት ሲገባ ባጃጅ ገዝታለች፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ወንዛዬ ፍል ውኃ ትዘፈዘፋለች፣ ግሪሳ ወፎቹም የደስታ መግለጫ ልከውላታል።

የሚጠራጠር ግን አልጠፋም። ባጃጅ የገዛች ሴት በዚያ ጭቃ በላስቲክ ጫማ ምን ያስኬዳታል? ወንዛዬ የተዘፈዘፈ ጉልበትስ ለምን ያነክሳል?

ይታይሽ በመንግሥት የሩዝ ዘር ማባዣ ማሳ ላይ ወፍ ጠባቂ ነበረች፤ ጊዜያዊ። ጊዜያዊነቷ ግን ከስንቱ ቋሚ ዕድሜ ይረዝማል። ኃላፊ መጥቶ ኃላፊ ሄዷል፣ ማማው ፈርሶ ተሠርቷል፣ እሷ ወንጭፏን ይዛ እዚያው ናት። ወንጭፏ ሲጮህ ጣራ ገዳም ያሉ መነኮሳት ያማትባሉ ይባል ነበር።

ቋሚነት የፈለገችው ለማዕረግ አይደለም። ባሏ ገበያው የሞተ ጊዜ ሩዙ እያሸተ ነበር። ቋሚ ሠራተኛ ሐዘን ይቀመጣል፤ ጊዜያዊ ከቀረ በቦታው ሌላ ይቆማል። ባሏን ቀብራ በማግስቱ ማማው ላይ ወጣች፤ እያለቀሰች ወነጨፈች። ያን ቀን ግሪሳው እንኳ አፍሮ በመጠኑ በላ ይላሉ። አሁን ደግሞ እናቷ እማማ ወለተ ሚካኤል አልጋ ያዙ። «እምዬን እንኳ ቁጭ ብዬ ላልቅስላት» ብላ መሥሪያ ቤቱን ከሰሰች።

መሥሪያ ቤቱ አገልግሎቷ ተከታትሎ እንዳይቆጠርላት በየዓመቱ ውሏን ለጥቂት ሰንበት ቆርጦ ይቀጥለዋል። ወፍ ግን ውል አያውቅም። ስለዚህ በዚያ መሐል የማሳው ኃላፊ ሀይለየሱስ ጠላና ንፍሮ አስይዞ ከች ይላል። «እትዬ ይታይሽ፣ እስኪታደስ ድረስ እንደ ደቦ ያዥልኝ።» ትይዝለታለች።

ክሷን የጻፈላት ራፖር ጸሐፊው ደሳለው ይህን ሲሰማ አስጠነቀቃት። «ደቦ የሚባል ነገር ከአፍሽ እንዳይወጣ። ሥራዬ ላይ ነበርሁ በይ፤ ሌላውን ለኔ ተይው።»

«ጠላውንስ?»

«የምን ጠላ? ውኃ ነው የጠጣሽ።»

ችሎት ላይ የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሣና ጠየቃት። «ውሉ በተቋረጠበት ጊዜ ማማው ላይ የወጡት በሥራዎ ነው ወይስ በደቦ?»

ይታይሽ ዞር ስትል ሀይለየሱስ ከኋላ ተቀምጦ ጫማውን ያያል። ባሏ ገበያው የሞተ ዓመት የራሷን ሩዝ ያጨደላት ደቦ ነው፤ ያኔ ሀይለየሱስም ሱሪውን ጠቅልሎ ውኃው ውስጥ ገብቶላታል። ደቦ በልቶ የካደን ሰው ፎገራ ላይ ክረምት ሲገባ ማን ከጭቃ ያወጣዋል?

«በደቦ» አለች። «ጠላውንም ጠጥቻለሁ።»

ደሳለው ፊቱን በባርኔጣው ሸፈነ። ክሱ ውድቅ ሆነ። ውሉም ከዚያ ወዲያ አልታደሰም። እማማ ወለተ ሚካኤል ክረምቱ ሜዳውን ባሕር ሲያደርገው ሞቱ፤ ይታይሽም ቤቷን ዘግታ ሐዘን ተቀመጠች።

ሐዘኗን ጨርሳ በወጣች ሰሞን ባለ ሻይ ቤቷ ማስተዋል ከበሯ ጠራቻት።

«አንቺ፣ ደብቀሽን ነው? ያን ያህል ሐዘን የሚቀመጥ ቋሚ ነው እንጂ ሌላ ማን አለ? ረታች፣ ባጃጅ ገዛች፣ ወንዛዬ ከረመች፣ ዳኛውም እጅ ነሧት እየተባለ ነው።»

ይታይሽ ጥቁር ነጠላዋን ሰብሰብ አደረገች።

«አልረታሁም። ቋሚ አልሆንሁም። ባጃጅ የለኝም፣ ወንዛዬንም በስሙ ነው የማውቀው። ዳኛውም ቀና ብለው አላዩኝ። እምዬን የተቀመጥሁላት ሥራ ስለሌለኝ ነው።»